ተጠየቅ፣ ግድግዳ

አፉላ፣ ስድስተኛ ፎቅ፤ ሊፍቱ ተበላሽቷል።
በደረጃ ወጣን፦ እኔ፣ ተቋራጩ ሾሃም፣ ሁለቱ ጠበቆች፣
ከፊታችን ደግሞ ፍርድ ቤት የሾመው ሰው፣
ኢንጂነር ሸፊቅ፣ የናዝሬቱ፣
በአንድ እጁ ሌዘር፣ በሌላው ትንሽ የእንጨት መዶሻ።
ሰላምታው ለሁላችንም እኩል ነበር፤
ወደ ግራም ወደ ቀኝም አንድ ግራም አላጋደለም።

ከእርሱ በፊት ሁለት ሰዎች መጥተው ነበር።
የእኔ ባለሙያ፣ እኔ የከፈልኩት፣
“መቶ አሥራ ስምንት ሺህ ሸቀል ይገባዋል” ብሎ ጻፈ።
የሾሃም ባለሙያ፣ ሾሃም የከፈለው፣
በዚያው ግድግዳ፣ በዚያው ሜትር፣ በዚያው ሳምንት
“ዘጠኝ ሺህ፤ እሱም ከበዛ” አለ።
ዳኛዋ ሁለቱን ወረቀት ጎን ለጎን አስቀምጠው
መነጽራቸውን አወለቁ፤
“ሕንፃው አንድ ነው ወይስ ሁለት?”

አባቴ አስረስ ሙግት ያውቅ ነበር።
ወገራ፣ ዋርካ ሥር፣ ኩታውን አደግድጎ
“ተጠየቅ!” ሲል የባላጋራው ጉልበት ይርድ ነበር አሉ።
እዚህ ግን ምሳሌዬን የጠየቀኝ የለም፤
ፎቶ አለህ? ፊርማ አለህ?
ተጨማሪው ሥራ የታዘዘበት ወረቀት አለህ?
በቃል ነው የታዘዝኩት።
ደረጃ ላይ ቆሞ፣ ስልኩን በጆሮውና በትከሻው መሃል ይዞ፣
“ሥራው፣ እንተሳሰባለን” ነው ያለኝ።
በዕብራይስጥ ነበር ያለው፤
በልቤ ወደ አማርኛ ሳስገባው ሁለት ፍቺ አወጣ።
ሦስት ዓመት ሆነው። አልተሳሰብንም፤
በሂሳቡም፣ በሌላውም።

ሸፊቅ ሌዘሩን አበራ።
ቀይዋ ነጥብ በረንዳ ለበረንዳ ሄደች፤
“የለም” የተባለውን ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ካሬ
አንድ በአንድ ቆጥራ አመጣችው።
ሾሃም ስልኩን ይነካካ ጀመር።
እኔ በውስጤ እልል አልኩ።

ከዚያ መታጠቢያ ቤት ገባ፤ መዶሻውን አነሣ።

ተጠየቅ፣ ግድግዳ፣ የሲሚንቶ ልጅ፣
አሸዋው ከማን ነው፣ ሥራው ከማን እጅ?

ቷ። ቷ። ቷ።
ቷ።
ቧ።

ሳይመታው ነበር ያወቅኩት።
ዓርብ፣ ሰንበት ሊገባ ሁለት ሰዓት ሲቀረው፣
ሾሃም እየደወለ፣
ልጄ ሊዮር ትምህርት ቤት በር ላይ ብቻውን ቆሞ፣
ማጣበቂያውን በጥርሳሙ ማንኪያ ማልበስ ሲገባኝ
አምስት አምስት ጉብታ ጣል አድርጌ ለጠፍኩት።
የሾሃም ሰው እንኳ አላገኘውም።
ሸፊቅ ባዶ በጮኸው ሁሉ ላይ ሰማያዊ ፕላስተር ለጠፈ፤
ሃያ ሦስት።
እኔ ቀድሜው ቆጥሬ ጨርሼ ነበር።
የቤቱ ባለቤት፣ አንዲት የሩሲያ አሮጊት፣
ፎጣዋን እንደያዘች “ቆንጆ እኮ ነው” አለች።

የሞላኝም እሱ፣ ያጎደለኝም፤
ኖራ ቀቡኝ እንጂ አፌን አልዘጉኝም።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይላሉ፤
ሲሚንቶ ግን እያደር ይጠነክራል፣
ከነውሸቱ።

ችሎቱ “የሰላም ፍርድ ቤት” ይባላል፤ ስሙ እንዲህ ነው።
ሪፖርቱ ስልሳ አንድ ሺህ አራት መቶ አለ፣
ሃያ ሦስቱ ተቀንሶ።
ጠበቃዬ ወደ ጆሮዬ ተጠጋ፤
“የቧንቧ እርጥበት ነው እንበል፤
በመስቀለኛ ጥያቄ እናስጨንቀው።”
ሸፊቅ ተነሥቶ ቆመ፣ ያንኑ እኩል ሰላምታውን ይዞ።
የአባቴ ቃል ምላሴ ጫፍ ላይ ነበረች።
“ጥያቄ የለንም በል” አልኩት።

የሸፊቅን ድካም ዋጋ እኔና ሾሃም ተካፍለን ከፈልን፤
የእኔ ድርሻ አራት ሺህ ሁለት መቶ።
ስለ ራሴ እውነት ለመስማት
ገንዘብ ስከፍል የመጀመሪያዬ ነው።
ኮሪደሩ ላይ፣ ቦርሳውን ጉልበቱ ላይ አስደግፎ
ደረሰኝ ቆርጦ ሰጠኝ።

ደረሰኝ።